የአያ ሙጬ ሽንብራ

ኅዳር ስምንት ቀን፣ ሐሙስ፣ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ተኩል ላይ ነበር።

በዝግባ ማርያም አገር አንድ ሰው ጉዳይ ይዞ «ግድ የለም፣ ይደርሳል» ሲል ከተሰማ፣ ከጎኑ ካሉት አንዱ ጉሮሮውን ጠረግ አድርጎ የሚወረውራት አንዲት አባባል አለች። ልጁም አዋቂውም ያውቃታል። ብዙ ሰው ከጥንት አባቶች የወረደች ይመስለዋል፤ አልወረደችም። የተጸነሰችው በዚያ ሐሙስ፣ በዚያ ሰዓት፣ በወረዳው ጽሕፈት ቤት ግቢ ውስጥ፣ ሙጬ ተሰማ የሚባል ገበሬ ውሳኔ ሲነበብለት ነው።

ነፍሱን ይማረውና፣ ሙጬ ክፉ ሰው አልነበረም። ሰነፍም አልነበረም፤ እንዲያውም ማጭድ ከጨበጠ ቀና የሚለው ውሃ ሊጠጣ ብቻ ነበር። ጥፋቱ አንድ ነው፤ የሚያውቃትን ነገር ከመጠን በላይ ያውቃታል። ሌላው ዓለም ሁሉ በሷ የሚተዳደር ይመስለዋል።

ነገሩን ያመጣው አስፋልቱ ነው። አዲሱ መንገድ በዝግባ ማርያም በኩል ያልፋል ተባለና የሙጬ ቤት፣ ጓሮውና ከጓሮው ሥር ያለችው ማሳ መንገዱ ላይ ወደቁ። መንግሥት እንዲህ መሬት ሲወስድ ካሳ ይከፍላል። ገማቾች ይመጡና ቤቱን ይለካሉ፣ ዛፉን ይቆጥራሉ፣ የጓሮውን አትክልት በየዓይነቱ ይጽፋሉ። ሙጬ አልደነገጠም። የሚመካበት ጌሾ ነበረው። አባቱ የተከለው፣ እሱ ያስፋፋው፣ ከቤቱ ጀርባ እስከ ወንዙ አፋፍ የወረደ ጌሾ። በሠርግ ሰሞን ጠላ የሚጠምቅ ሁሉ ደጁን ይጠናዋል። «የጌሾዬ ካሳ ብቻውን ቤት ይሠራል» ይል ነበር፤ እውነቱንም ነበር።

ገማቾቹ ሊመጡ ሁለት ቀን ሲቀራቸው ግን አንድ ብልሃት መጣለት። መሬቱ መሄዱ አይቀርም፤ ቅጠሉ ለምን አብሮ ይሄዳል? ጌሾውን ከዳር እስከ ዳር ሸምጥጦ በአህያ ጭኖ ገበያ አወጣው። ብልሃቱን ለጎረቤቱ ለአያ ደርሶም ነገረውና እሱም የራሱን ጌሾ ሸመጠጠ። ገማቾቹ ሲደርሱ በሁለቱም ጓሮ ያገኙት ቅጠል አልባ ጭራሮ ነበር። አንደኛው ጭራሮውን በጫማው ጫፍ ነካ አድርጎ «ይህ ምንድን ነው?» ሲል፣ ሙጬ ከቤቱ ወዲያ ማዶ የመለኪያውን ገመድ ጫፍ ይዞ «ጠበቅ አርገው!» እያለ ይጮህ ነበርና አልሰማም። «የአጥር ቁጥቋጦ» ተብሎ ተጻፈ። ደርሶም በዚያን ዕለት ታሞ ተኝቶ ነበርና የሱም ጌሾ ቁጥቋጦ ሆኖ ቀረ።

ሁለቱም አቤት አሉ። ጉዳዩን የሚያየው ጉባኤ ወረቀቱን አገላብጦ «በመዝገቡ ላይ ጌሾ የሚባል ነገር የለም» አለና ግምቱን አጸና። ይህ ውሳኔ ነው እንግዲህ ኅዳር ስምንት የተነበበው። ያነበበው ሰው ትሑት ነበር። ወረቀቱን አጥፎ ለሙጬ ሰጠና እንዲህ አለው፦

«አባባ፣ ቅር ካለዎት ለከፍተኛው ፍርድ ቤት ይግባኝ ማለት ይችላሉ። ፍርድ ቤቱ እንደገና ይገመት ሊል ይችላል። ታዲያ በሠላሳ ቀን ውስጥ ነው። ካለፈ አለፈ ነው።»

«ሠላሳ ቀን?» ሙጬ ፊቱ በራ። «ሠላሳ ቀንማ ብዙ ነው ልጄ። ጥጋብ ነው እንጂ።»

«ብዙ አይደለም አባባ። ቶሎ ይሂዱ።»

«እሺ እሺ» አለና እየተዝናና ወጣ።

ቤቱ ሲገባ ሚስቱ አንጓች ደጅ ላይ ቆማ ትጠብቀዋለች። አንጓች የምትፈራው አንድ ነገር ብቻ ነበር። በከተማው ዳር የቤት መሥሪያ ቦታ ይሰጣቸዋል፤ ለቤቱ የተሰጠው ግምት ግን አሮጌ ጎጆ ነውና ከግድግዳ አያልፍም። ጣራ የሚያለብሰው የጌሾው ካሳ ነው። እሱ ካልመጣ ያላቸው ማረፊያ የልጃቸው ባል የሽባባው ቤት ነው። ሽባባው በከተማው ባጃጅ የሚነዳ፣ ደግ ግን አፉ የማይዘጋ ልጅ ነው፤ ዘፈኑን ከፍ አድርጎ እየከፈተ በዘፈኑ ላይ የሚያወራ። አማች ቤት ገብቶ የሚያረጅ ሰው ደግሞ፣ በዝግባ ማርያም እንደሚባለው፣ ሲያስነጥሰው እንኳ ፈቃድ ይጠይቃል።

«ምን አሉህ?»

«ለፍርድ ቤት አቤት በል አሉኝ። ሠላሳ ቀን ሰጡኝ።»

«ታዲያ ነገ ትሄዳለሃ!»

«ነገ የአባ ይርሳው ጤፍ አጨዳ አይደለም እንዴ? የሰው ወንፈል ልብላ?»

«ከነገ ወዲያስ?»

«ቅዳሜ።»

«ሰኞስ?»

«ኅዳር ሚካኤል! ምን ሆነሻል አንቺ ሴት?»

«እኔ ምንም አልሆንኩም፤ ያንተ ሠላሳ ቀን ነው እየሄደ ያለው።»

ሙጬ ሳቀ። «ወዴት ይሄዳል? እኔ በማልሠራበት ቀን እሱ ምን ሲሠራ ይውላል?»

ይህን ሲል ቀልዱን አልነበረም። በዝግባ ማርያም ገበሬዎች ወንፈል ሲገቡ ቀን ይበዳደራሉ። አንዱ ለሌላው አምስት ቀን ያጭድለታል፤ ያም በተራው አምስት ቀን ይመልሳል። ቀን ተብሎ የሚቆጠረው ታዲያ ማጭድ የተጨበጠበት ቀን ብቻ ነው። ቅዳሜና እሑድ አይቆጠርም። ሚካኤል፣ ኪዳነ ምሕረት፣ ገብርኤል፣ ማርያም፣ ጊዮርጊስ፣ መድኃኔ ዓለም፣ በዓለ እግዚአብሔር አይቆጠርም። አገሩ በዓል አክባሪ ነውና ከወሩ ግማሹ እንዲህ ያልፋል። ሰው የተበደረውን ቀን እንዳይረሳ ደግሞ በሠራበት ማታ አንዲት ሽንብራ ቅል ውስጥ ይጥላል። በዚህ ቆጠራ አንድም ቀን ጠብ ተነስቶ አያውቅም፤ አባ ይርሳው የሰንበቴው ሙሴ፣ ማለትም የማኅበሩ ዳኛ ሆነው በቆዩበት ዘመን ሁሉ የቀን ክስ ቀርቦላቸው አያውቅም።

ሙጬ እንግዲህ የመንግሥትን ሠላሳ ቀን በዚሁ ተቀበለው። ቀን ተሰጠኝ፤ ቀን ማለት ደግሞ የታወቀ ነው። አንድ ቅል አጥቦ አደረቀና ከምሰሶው ላይ ሰቀለው። ዓርብ ማታ ከአባ ይርሳው አጨዳ ሲመለስ የመጀመሪያዋን ሽንብራ ጣለ። ጠብ ስትል ደስ አለው።

«አንድ» አለ።

«አንድ ይበልህ» አለች አንጓች፣ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዙራ።

በዚያው ሰሞን ደርሶ አረፈ። ኅዳር አስር ቀን ነው የተቀበረው። ሚስቱ አትጠገብ ነጠላዋን አጥቁራ፣ ፀጉሯን ተላጭታ ቤት ተቀመጠች። የአገሩ ልማድ ለባሏ አርባ ሳይወጣ ሴት ከለቅሶ ቤት እንዳትርቅ ነው። አትጠገብ ግን ኅዳር ሃያ ሁለት ቀን፣ ሐሙስ ጠዋት፣ ጥቁሯን እንደለበሰች፣ የደርሶን ወረቀት በመቀነቷ ቋጥራ መንገድ ጀመረች። ሙጬ አውድማውን ሲለቀልቅ አገኘችው።

«እንደምን አደርክ አያ ሙጬ።»

ሙጬ እጁ እበት እንደሆነ ቀና አለ። ደነገጠም፣ ተቆጣም። «እቴ አትጠገብ! ወዴት ነው?»

«ፍርድ ቤት። የጌሾውን ነገር አቤት ልል።»

«የደርሶ አርባ ሳይወጣ? ሰው ምን ይላል?»

«ሰውማ ብሏል። ከቤቴ እስከዚህ ስደርስ ሦስት ቦታ ሰምቼዋለሁ።»

«ተይ እንጂ! ሟች እንዲህ አይቸኮልበትም።»

«ሟችማ አይቸኩልም አያ ሙጬ» አለች አትጠገብ። «ቸኳዩ ቀኑ ነው። በል እጅህን ታጠብና አብረን እንሂድ። ያንተም የእኔም ነገር አንድ ነው፤ ጽሕፈቱንም ባንድ ቁጭታ እናስጽፈዋለን።»

ከቤት ውስጥ አንጓች ሰምታ ነበርና ብቅ አለች። «ሂድ! ሂድ እንጂ! አውድማውን እኔ እለቀልቀዋለሁ!»

ሙጬ ሁለቱንም ሴቶች አየ። ከዚያ አውድማውን አየ። ግማሹ ተለቅልቆ እርጥብ ነው፤ ግማሹ ደረቅ። ነገ ጊዮርጊስ ነው፤ ከነገ ወዲያ ቅዳሜ፤ ዛሬ ካልለቀለቀ ሰኞ አይወቃም። ደግሞም በቅሉ ውስጥ ያሉት ሽንብራዎች ከአንድ እጅ ጣት ብዙም አይበልጡም።

«እናንተ ሴቶች» አለ በርኅራኄ፣ «ልባችሁ ገና ሳይጣድ ይፈላል። እኔ ጊዜ አለኝ።»

አትጠገብ መንገዷን ቀጠለች።

ከዚያ በኋላ ውቂያው መጣ። ታኅሣሥ ገባ። ሙጬ በሠራበት ማታ ሁሉ ሽንብራውን ይጥላል፤ በበዓል ቀን ቅሉን ቀና ብሎ አይቶ «ዛሬ ዕረፍትህ ነው» ይለዋል። ገና አለፈ። ጥምቀት ደረሰ፤ ታቦት ሸኝቶ፣ ጠበል ተረጭቶ፣ የሚካኤልን ጭፈራ ጨፍሮ ተመለሰ። ከዚያ ቅዳሜና እሑድ ናቸው። ጥር አሥራ አምስት ቀን፣ ሰኞ፣ ቅሉን ከምሰሶው አውርዶ እፍኙ ላይ ቆጠረው። ሃያ ስምንት። የታጠበ ኩታውን ለበሰ፣ ቅሉን በብብቱ ሸጎጠ።

«አየሽ» አላት አንጓችን። «ሁለት ቀን ሲቀረኝ ነው የምሄደው። ማንም በመጨረሻው ቀን ሮጦ ደረሰ እንዳይለኝ።»

አንጓች ዳቦ ቋጥራ ሰጠችው።

በከተማው ፍርድ ቤት በር ላይ፣ በትልቅ ጃንጥላ ሥር ተቀምጦ ለባለጉዳይ ማመልከቻ የሚጽፍ አንድ ቀጭን ሰው ነበር። ሙጬ ወረቀቱን ሰጠው። ሰውየው አነበበ፣ ፊቱን አኮሳተረ፣ ደግሞ አነበበ።

«ውሳኔው መቼ ነው የተነበበልዎት?»

«ኅዳር ስምንት። እዚያው ተጽፏል።»

«ዛሬ ስንት ነው?»

«ጥር አሥራ አምስት።»

«ታዲያ ምን ላድርግልዎ አባባ?»

«ጻፍልኝ እንጂ! ገና ሁለት ቀን አለኝ።»

ሰውየው ብዕሩን አስቀመጠ። ሙጬ ቅሉን አውጥቶ እስኪያስረዳው ድረስ አፉን ከፍቶ አዳመጠ። ከዚያ ከጎኑ ያሉትን ጸሐፊዎች ጠራ። መጡ። ሙጬ ለነሱም እንደገና አስረዳ። አንደኛው በሳቅ የጃንጥላውን ግንድ ይዞ ቁጢጥ አለ፤ ሁለተኛው ግን አልሳቀም። አባቱን አስታውሶ መሰለኝ፣ «በኛም አገር እንዲሁ ነው የሚቆጠረው» ብሎ ሄደ።

«ስሙኝ» አለ ቀጭኑ ጸሐፊ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «ቀንዎ ያለፈው ታኅሣሥ ስምንት ነው። ግን አንድ ቀዳዳ አለች። ጊዜ ያለፈበት ሰው በቂ ምክንያት ካለው ‹ይፈቀድልኝ› ብሎ ማመልከት ይችላል። ታምሜ ነበር ይበሉ። ጨጓራ፣ ወገብ፣ የፈለጉትን።»

«አልታመምኩም።»

«አውቃለሁ አልታመሙም! ይበሉ ነው የምልዎት።»

«ጥምቀት ተጠምቄ ራሴ ሳይደርቅ ልዋሽ?»

ጸሐፊው ተነፈሰ። ያለ ሕመም ጻፈለት። «በአካባቢው የቀን አቆጣጠር ልማድ ምክንያት» የሚል ሐረግ አስገባበት፤ ከዚህ የተሻለ ነገር አላገኘም። ፍርድ ቤቱም ለጥር ሃያ ሦስት ቀን ቀጠረው።

ጥር ሃያ ሦስት ጊዮርጊስ ነው። ሙጬ ከተወለደ ጀምሮ በጊዮርጊስ ቀን ጉዳይ ይዞ መንገድ ሲወጣ ያ የመጀመሪያው ነበር። ሌሊቱን ሲገላበጥ አድሮ በማለዳ አባ ይርሳው ደጅ ቆመ።

«አባ፣ ይመስክሩልኝ። ቀን በኛ ዘንድ እንዴት እንደሚቆጠር ይንገሩልኝ።»

አባ ይርሳው ጋቢያቸውን እየደረቡ ወጡ። «እነግርልሃለሁ። የምነግራቸው ግን አንተ የምትፈልገውን አይደለም፤ የማውቀውን ነው።»

«እሱኑ ነው የምፈልገው።»

«እንጃልህ» አሉና ከዘራቸውን አነሱ።

ዳኛዋ ወጣት ሴት ነበረች። ማመልከቻውን አንብባ መነጽሯን አወለቀች።

«አባቴ፣ በሠላሳ ቀን ውስጥ ይግባኝ እንዲሉ ተነግሮዎታል?»

«ተነግሮኛል ክብርት ዳኛ። መጥቻለሁም።»

በአዳራሹ ያለው ሰው ተንሾካሾከ።

«የመጡት ከሁለት ወር በኋላ ነው።»

«በመንግሥት ወር ነዋ። በሥራ ቀን ግን ሃያ ስምንት ነው። ይኸው።»

ሙጬ ቅሉን ጠረጴዛው ላይ ገለበጠው። ሽንብራው ተንኮለለ። ጥቂቱ ከችሎት ጸሐፊዋ ወረቀት ላይ አረፈ፤ ጥቂቱ መሬት ወርዶ በወንበር ሥር ጠፋ። ሥርዓት አስከባሪው ፖሊስ ሊቆጣ ተራምዶ ሲያበቃ ሙጬ ተንበርክኮ ሲለቅም አየና፣ አብሮት ጎንበስ አለ።

«አንድም አልደበቅሁም!» አለ ሙጬ ከጠረጴዛው ሥር ሆኖ። «ይቁጠሩት!»

ዳኛዋ ከንፈሯን ነከሰች። መሳቅ አልፈለገችም፤ አልሳቀችምም። «ይነሱ አባቴ። አንድ ነገር ልጠይቅዎ። በነዚያ በማይቆጥሯቸው ቀኖች ከቤትዎ እንዳይወጡ ያገደዎት ነገር ነበር? ሕመም? ለቅሶ? የወንዝ ሙላት?»

ከኋላ ወንበር የተቀመጠው ቀጭኑ ጸሐፊ አንገቱን አስግጎ ‹ነበር ይበሉ› እያለ በዓይኑ ይለማመጣል።

«ኧረ እግዚአብሔር ይመስገን፣ ምንም አልነበረብኝም» አለ ሙጬ። «እንዲያውም ለኅዳር ጽዮን እዚሁ ከተማ መጥቼ ነበር። ማርያምን ተሳልሜ፣ ልጄ ቤት ምሳ በልቼ ነው የተመለስኩት።»

«በየት በኩል አለፉ?»

«በዚሁ በፍርድ ቤቱ በር።»

«ክፍት ነበር?»

«ክፍት ነበር እንጂ! ሰው እየገባ ይወጣል። እንዲያውም አዘንኩላቸው። ‹እነዚህ ሰዎች በዓል የላቸውም› ብዬ።»

ጸሐፊው ግንባሩን በመዳፉ መታ። በዚህ ጊዜ ፖሊሱም ሳይቀር ሳቀ። ዳኛዋ ጸጥ እስኪል ጠበቀች።

«ምስክርዎ የት አሉ?»

አባ ይርሳው በከዘራቸው ተደግፈው ቀረቡ።

«በእርስዎ አገር ቀን የሚቆጠረው እንዲህ ነው?»

«ለወንፈል አዎን ልጄ። ሰው ለሰው ቀን ሲያበድር እንዲህ ነው።»

«ለፍርድ ቤት ጉዳይስ?»

አባ ይርሳው ሙጬን አዩት። ሙጬም በተስፋ አያቸው። አይናቸውን ሰበሩ።

«እሱን እንኳ አላውቅም» አሉ። «መንግሥት ከእኛ ጋር ወንፈል ገብቶ አያውቅም።»

ዳኛዋ ብዕሯን አስቀምጣ ለሙጬ ብቻ እንደምትናገር ሆና ተናገረች።

«አባቴ፣ ጓሮዎ ውስጥ የነበረው ጌሾ ይሁን ቁጥቋጦ ለማየት መጀመሪያ ጉዳዩ በሩን አልፎ መግባት አለበት። በሩ ታኅሣሥ ስምንት ተዘግቷል። ከፍቼ ላስገባዎት የምችለው መምጣት እንዳልቻሉ ሲያስረዱኝ ነው። እርስዎ ግን መምጣት ይችሉ እንደነበር ራስዎ ነገሩኝ። የዋሹኝ ቢሆን ኖሮ ምናልባት ይቀልልዎት ነበር፤ እውነቱን ስለነገሩኝ አከብርዎታለሁ። ማመልከቻዎ አልተፈቀደም።»

ሙጬ አልተከራከረም። «ጌሾው እኮ ጌሾ ነበር» አለ ቀስ ብሎ።

«ይሆናል» አለች ዳኛዋ።

ጌሾ ለመሆኑ ምስክር ከሩቅ መፈለግ አያሻም ነበር። አትጠገብ ያቀረበችውን ይግባኝ ያው ፍርድ ቤት ተመልክቶ እንደገና እንዲገመት ካዘዘ ሁለት ሳምንት ሆኖት ነበር። በዚያ ጊዜ በሁለቱም ጓሮ ጭራሮው ሁሉ አቆጥቁጦ፣ ቅጠሉ ለምልሞ፣ ሽታው ከመንገድ ይጣራል። አዲሶቹ ገማቾች ከአትጠገብ አጥር ወዲህ ያለውን ጌሾ እግር በእግር ቆጥረው ጻፉ። ከአጥሩ ወዲያ ያለው የሙጬ ጌሾም ያው ጌሾ ነበር፤ አንዱ ገማች እጁን አሻግሮ ቅጠሉን ቀንጥሶ አሸተተው። «ይህስ?» አለ። «ይህ መዝገቡ ተዘግቷል» አለው ጓደኛው።

ሙጬ ከችሎት ተመልሶ ሁሉንም ለአንጓች ነገራት። ትጮሃለች፣ ታለቅሳለች ብሎ በሩ ላይ ቆሞ ነበር። አንጓች በዝግባ ማርያም ለቅሶ ቤት ግጥም በመደርደር የታወቀች ሴት ናት። ወደ ጓሮ ወጣች፣ ነጠላዋን በወገቧ አሸረጠች፣ በለመለመው ጌሾ መሃል ቆማ ደረቷን እየመታች እንዲህ አለችው፦

«ሳይታመም ሞተ ጌሾዬ በጤናው፤
ገዳዩ ግሬደር አይደለም ሽንብራው።»

ጎረቤቱ ሰው ሞተ ብሎ ተሯሩጦ መጣ። ሲሰማ ሳቁን መቆጣጠር አቃተው። ሙጬም ጓሮው ዳር ድንጋይ ላይ ተቀምጦ እንደ ሌላው ሳቀ፤ ከሳቁ በኋላ ግን ከድንጋዩ ለመነሳት ጥቂት ጊዜ ወሰደበት። አንጓች አጠገቡ ሄዳ ተቀመጠች።

«እነዚያን ሁለት ቀኖች ምን ልታደርግባቸው ነው ያተረፍካቸው?» አለችው።

«እንጃ» አለ። «መቆጠብ ጥሩ ነው ብዬ ነው።»

በግንቦት መጨረሻ ግሬደሩ መጥቶ ሁለቱንም ጓሮ በአንድ ቀን ጠረገው። አትጠገብ በጌሾዋ ካሳ ከከተማው ዳር ባለ ሁለት ክፍል ቤት ሠራች፤ ጣራው ቆርቆሮ ነው። የሙጬ ቦታ እርቃኑን ቀረ። ሰኔ ሁለት ቀን፣ ዓርብ፣ ሙጬና አንጓች ዕቃቸውን በጋሪ ጭነው ወደ ሽባባው ቤት ሲነሱ፣ ሽባባው ራሱ ባጃጁን እያስጮኸ ሊቀበላቸው መጥቶ ነበር። ሰፈሩ ለሽኝት ተሰበሰበ። ከሸኚዎቹ አንዱ «ምን አለ ያቺ ዳኛ ትንሽ ብትራራለት!» ብሎ ሲያጉረመርም፣ አባ ይርሳው ጋሪው ከመታጠፊያው እስኪሰወር ጠበቁና ወደ ሰውየው ዞረው እንዲህ አሉት፦ «እሷን አትውቀሳት ልጄ፤ ቀን የዋጠውን ዳኛ አያስተፋውም።»